የባለጉዳይ ጠሪዋ መዝገብ

ፍርድ ቤቱ ውስጥ ትክክለኛ ስሟን የሚያውቁት ደመወዝ ከፋዩና የሰው ሀብት አስተዳደር ክፍሉ ብቻ ነበሩ፤ እነሱም ቢሆኑ ሲፈልጓት «እስቲ ማይኳን ጥሩልን» ነበር የሚሉት። ማይኳ ያሰኛት ድምፅዋ ነው። የአንደኛው ፎቅ ፍትሐ ብሔር ችሎት አስተናባሪ ናት፤ በተራው ሰው አነጋገር ባለጉዳይ ጠሪ። ዳኛዋ መዝገብ ሲያነሡ እሷ በሩን ከፍታ ወደ ኮሪደሩ ወጣ ትልና የከሳሽንና የተከሳሽን ስም ከነአባታቸው ሦስት ጊዜ ትጠራለች። የመጀመሪያው ጥሪ አግዳሚው ላይ ለተቀመጡት ነው፤ ሁለተኛው ደረጃው ላይ ለቆሙት፤ ሦስተኛው ጥላ ፍለጋ ግቢው ውስጥ ለተበተኑት። አንድ ጠበቃ ሦስተኛውን ጥሪዋን ከአጥሩ ማዶ ፎቶ ኮፒ ቤት ሆኖ ሰምቶ እየሮጠ እንደደረሰ ላገኘው ሁሉ ያወራል። ጠበቃ ስለሆነ ግማሹን ብቻ ማመን ይበቃል።

ከድምፅዋ ሌላ አንድ ልማድ ነበራት። ሦስቴ ተጠርቶ ድምፁ ያልተሰማን ሰው ለዳኛዋ «አልቀረበም» ብላ ካሳወቀች በኋላ፣ መዝገቡን ከክምሩ ሥር ታስገባዋለች። «ታች ማድረግ» ትለዋለች። ችሎቱ ሊነሣ ሲል እንደገና ታወጣውና እንደገና ትጠራለች። በዚህ መሀል አውቶቡስ ያዘገየው ይደርሳል፤ በር ተሳስቶ ሌላ ችሎት ሲጠብቅ የነበረውም ይደርሳል። ዳኛዋም ደስ ይላቸዋል፤ «መዝገቤ ይከፈትልኝ» ባዩ ይቀንስላቸዋላ። ይህን ያስለመደቻት ከእሷ በፊት በቦታው የነበረችው ሴት ናት። ሕጉ እንዲህ ነው ብላ ነበር ያሳየቻት። ማይኳም ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ ሕግ ነው ብላ ስትሠራበት ኖረች። ሕግ አልነበረም፤ የአንዲት ደግ ሴት ልማድ ነበር።

የእሷ የራሷ ጉዳይ የጀመረው ከስድስት ዓመት በፊት በአንድ ደብዳቤ ነው። ደብዳቤው ማኅተም ያረፈበት፣ ቁጥርና ቀን ያለው፣ «የአስተናባሪዎች ተጠሪ ሆነው በሁለት ደረጃ ማደግዎን እንገልጻለን» የሚል ነበር። ሥራው በማግስቱ ጠዋት መጣላት። የስድስቱንም ችሎት አስተናባሪዎች መመደብ፣ የቀረውን መተካት፣ አዲስ የመጣውን ማስተማር፣ የተጣሉትን ማስታረቅ፣ ይህ ሁሉ የራሷ ችሎት ጥሪ ላይ ተደረበ። ደመወዙ ግን ካለበት ንቅንቅ አላለም።

የሰው ሀብት ኃላፊውን ስትጠይቀው መጀመሪያ «በጀቱ ሲለቀቅ» አላት። ቀጥሎ «አዲሱ መዋቅር ሲጸድቅ» አለ። ከዚያ ደግሞ «ጥናት ላይ ነው» ሆነ፤ ጥናቱን ማን እንደሚያጠናው ግን አልተነገራትም። ሰውየው ክፉ አይደለም። ክፉ ቢሆን ኖሮ አንድ ቀን አፍ አውጥቶ «አልከፍልም» ይላት ነበርና ነገሩ ያኔውኑ ይለይ ነበር። እሱ ግን ፈገግ ብሎ ተነሥቶ፣ ወንበር ስቦ አስቀምጦ፣ ነገ ዛሬ እያለ ነው ስድስት ዓመት የበላባት።

ባሏ ልብስ ሰፊ ነው። የቤቱን የፊት ክፍል ወደ መንገዱ ከፍቶ እዚያው ይሰፋል። ደብዳቤው በመጣ ሰሞን ለደንበኛ ሁሉ ሲያሳይ ከርሞ፣ ሦስተኛው ዓመት ላይ ግን ነገሩን ቀልድ አደረገው።

«ደብዳቤውን አምጪውና ኮት ልስፋልሽ» ይላታል ሜትሩን አንገቱ ላይ እንዳንጠለጠለ። «ቢያንስ ይለበስ።»

«ለእጅጌው አይበቃም።»

«እጅጌ የሌለው ይሁና! ምን ቸገረሽ፣ ደረጃሽ ከፍ ብሏል እኮ።»

ይስቃሉ። ለምን እንደማትከስ ግን ጠይቋት አያውቅም፤ እሷም ተናግራ አታውቅም። ሃያ ስድስት ዓመት በር ላይ ቆማ ክስ ሰውን ምን እንደሚያደርገው አይታለች። ጥቁር ጠጉር ይዞ ገብቶ ሽበት ይዞ የወጣ ባለጉዳይ በስም ታውቃለች። ደግሞም አፍራለች። የቤቱ ሰው ሆና ቤቱን መክሰስ ነውር መሰላት። ስለዚህ ሆድ ይፍጀው ብላ ዝም አለች።

ዝምታዋን ያስጣላት የመዝገብ ቤቷ ጓደኛዋ ጡረታ ነው። ጓደኛዋ የጡረታ ወረቀቷን ይዛ መጥታ የችሎቱ በር ላይ እያሳየቻት ሳለ፣ አበሉ የሚሰላው በመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት በእጅ በተከፈለ ደመወዝ መሆኑን ማይኳ በዓይኗ አነበበች። በደብዳቤ የተጻፈ ደመወዝ አይቆጠርም። የተከፈለ ነው የሚቆጠረው። ለእሷ ጡረታ የቀሯት አሥራ አንድ ወራት ነበሩ። ሳይከፈላት ከወጣች በአሮጌው ደመወዝ የተሰላ አበል ይዛ እስክትሞት ትኖራለች ማለት ነው። ያን ቀን ከሰዓት በኋላ አንድ ተከሳሽ በአያቱ ስም ጠርታ ሰው አስቃለች።

በሳምንቱ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው በጽሑፍ አመለከተች። ኮሚቴው ጆሮ ዳባ ልበስ አለ። መልስ የሚሰጥበት ቀን ሲያልፍ አንድም ቀን ሳትጨምር ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤቱ ሄደች። አስተዳደር ፍርድ ቤት የመንግሥት ሠራተኛ መሥሪያ ቤቱን የሚከስበት ቦታ ነው፤ የእነሱ ደግሞ እዚያው ሕንፃ ውስጥ፣ ከእሷ ችሎት ሥር ምድር ቤት ላይ ነበር። አቤቱታውን ራሷ ጻፈችው። ሦስት ነገር ጠየቀች፦ ደመወዙ በደብዳቤው መሠረት ይስተካከል፤ የቀረው ልዩነት ይከፈል፤ የተስተካከለው ደመወዝ ለጡረታ መሥሪያ ቤት ይገለጽ። ባሏ መቀሱን አስቀምጦ አነበበላትና «ወገቡ ላይ አልጠበበም፣ ጥሩ ነው» አለ።

ቀጠሮ ተሰጣት፤ ማክሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት ተኩል። ማክሰኞ ደግሞ የእሷ ችሎት የሚያስችልበት ቀን ነው። የሁለት ሰዓት ፈቃድ ጠይቃ ለኃላፊው ማመልከቻ አስገባች። ኃላፊው ቀጠሮው ምን እንደሆነ ያውቃል፤ ለመሥሪያ ቤቱ የመጣውን መጥሪያ ፈርሞ የተቀበለው እሱ ነውና። ያም ሆኖ ዓይኑን በጨው አጥቦ ማመልከቻዋ ግርጌ ላይ «የችሎቱ ሥራ እንዳይበደል፤ ችሎቱ ከተነሣ በኋላ መሄድ ይችላሉ» ብሎ ፈርሞ መለሰላት።

«እርስዎ እኮ ይህን ለሌሎቹ የሚያስተምሩ ነዎት» አላት ፈገግ ብሎ።

እውነቱን ነው፤ ታስተምር ነበር። ወረቀቱን አጣጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። ዳኛዋን ብታስፈቅድ ይፈቅዱላት እንደነበር በኋላ ብዙ ሰው ነግሯታል። እሷ ግን የራሷን ጉዳይ ለዳኛ በር ላይ ቆሞ ማውራት እንደ ልመና ነው የታያት።

ማክሰኞ ጠዋት የእሷ ችሎት አሥራ አንድ መዝገብ ነበረው። አራተኛው ወንድማማቾች በአባታቸው ቤት የተካሰሱበት ነው፤ አምስት ምስክር አለበት፤ አንዷ ምስክር ሕፃን አዝላ ከሩቅ መጥታለች። ምስክር እየተሰማ አስተናባሪ በሩን ጥሎ አይሄድም። ያልተሰሙት ምስክሮች ተደብቀው እንዳያዳምጡ የሚጠብቅ እሱ ነው። ሙቀት ነበር። ቬንቲሌተሩ ሲሽከረከር የድምፅ መቅጃው ውስጥ እየገባ ስለሚያስቸግር ዳኛዋ አስጠፉትና መስኮቶቹ ወለል ብለው ተከፈቱ።

የምድር ቤቱ ባለጉዳይ ጠሪ ቅጽል ስሙ ሹክሹክታ ነው። አርባ አምስት ዓመት የሞላው፣ ዓይን አፋር፣ ሲጠራ ሚስጥር የሚነግር የሚመስል ሰው። ማይኳ ራሷ ናት ሥራውን ያስተማረችው፤ ድምፅ ግን ልታስተምረው አልቻለችም። በዚያ ጠዋት የማይኳን መዝገብ ሲሰጡት ሹክሹክታ ከበሩ ወጣ፣ ግቢው መሀል ቆመ፣ እጁን አፉ ላይ እንደ ጡሩንባ አደረገና በሥራ ዘመኑ ለመጀመሪያ ጊዜ ጮኸ። ሌላው ቢቀር ለእሷ ብሎ ነው።

ማይኳ ሰማችው። ስሟ ከነአባቷ በመስኮቱ ገባ። እጇ የበሩ እጀታ ላይ ነበር፤ ሕፃን ያዘለችው ሴት ደግሞ ልትምል እጇን አንሥታለች። ሁለተኛው ጥሪ መጣ። ሦስተኛው መጣ። «ታች ያደርጉኛል» አለች በልቧ። «ሊነሡ ሲሉ ይጠሩኛል፤ ያኔ ይህም ያልቃል።» እንዲያውም ሹክሹክታ ድምፅ ማውጣቱ ገርሟት ፈገግ ብላለች። ከዚያ የሴትየዋን ሕፃን ተቀብላ መሐላውን አስፈጸመች።

አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ስትወርድ የምድር ቤቱ ችሎት በር ተዘግቷል። ሹክሹክታ ቧንቧው አጠገብ ቆሞ ጉሮሮውን ይጉመጠመጣል።

«እትዬ፣ የት ነበርሽ? ጉሮሮዬ እስኪላጥ ጠራሁሽ እኮ!»

«መዝገቤስ?»

«ተዘጋ። አመልካች አልቀረቡም ተብሎ።»

«ታች አላደረጋችሁትም?»

ሹክሹክታ ግራ ገባው። «ታች ማለት? እኛ ጋ እኮ መዝገቡን ጸሐፊው አንድ በአንድ ነው የሚሰጠኝ። አልቀረበም ካልኩ አለቀ።»

ማይኳ የባለጉዳይ አግዳሚው ላይ ቁጭ አለች። በሃያ ስድስት ዓመት ውስጥ እዚያ ላይ ስትቀመጥ የመጀመሪያዋ ነበር፤ አንደኛው እግሩ አጭር ሆኖ እንደሚወዛወዝ አታውቅም ነበር። ንዴት አልነበረም የተሰማት። እፍረት ነው። ሌላ ሰው ይህን ቢሠራ «ምን ዓይነት ዝርክርክ ነው» ትለው ነበርና።

ባሏ ግን ተናደደ። ነገሩን ሲሰማ ደሙ ፈላ፤ የልብስ መኪናውን ፔዳል ለቀቀ።

«ሰምተሽ? ስምሽን ሰምተሽ ቆምሽ? ምን ዓይነት ሴትዮ ነሽ አንቺ!»

«ምስክር እየተሰማ ነበር።»

«የሰው ምስክር! የወንድማማቾቹ ቤት ለእኛ ሊወረስ ነው?»

ምሳ ሳይበሉ ዋሉ። አመሻሹ ላይ ተመልሶ መጥቶ አጠገቧ ተቀመጠና «እሺ፣ ምን ይደረጋል? መቼም ሰው ለዚህ መፍትሔ አላበጀም አትዪኝም» አላት። መፍትሔማ ነበረው። ያልቀረበ አመልካች በቂ ምክንያት ካለው፣ በቃለ መሐላ አስደግፎ በአንድ ወር ውስጥ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከት ይችላል። ይህን ለስንት ሰው በር ላይ ቆማ ነግራለች።

በቂ ምክንያቱን ማስረዳት ነው ሥራው። በዚያ ሰዓት ሥራ ላይ እንደነበረች በምን ታሳይ? የመገኛ ፊርማ መግባቷን እንጂ የት እንደቆመች አይናገርም። ነገሩን ያሰበችው ራሷ ናት፦ የችሎቱ የድምፅ ቅጂ። በዚያች ደቂቃ ድምፅዋ ላይኛው ፎቅ ላይ ተቀድቷል። ዳኛዋን በጽሑፍ ጠየቀች። ዳኛዋ ማመልከቻውን ሲያነቡ ቀና ብለው አይተዋት «ለምን አልነገርሽኝም?» አሉ። እሷም «ሥራ ላይ ነበርን፣ ክብርት ዳኛ» አለች። ፈቀዱላት።

ማመልከቻው የተሰማው ለጡረታዋ አራት ወር ሲቀራት ነው። ሦስት ዳኞች ነበሩ፤ ሰብሳቢው መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰክተው የሚረሱ ሽማግሌ። ለመሥሪያ ቤቱ የቆመው ነገረ ፈጅ እሷ ራሷ መቶ ጊዜ የጠራችው ሰው ነው፤ በየኮሪደሩ ሲያገኛት «እንዴት ዋሉ እማዬ» ይላታል። ኃላፊው ከኋላው ተቀምጧል።

ቅጂው ተከፈተ። መጀመሪያ ወረቀት ሲገለበጥ ተሰማ፤ ቀጥሎ የእሷ ድምፅ፦ «አራተኛ ምስክር ይግቡ!» ክፍሉ ውስጥ የነበረ ሰው ሁሉ ፈገግ አለ፤ መቅጃውም ራሱ የጮኸ መሰለ። ሰዓቱ ታየ፤ ልክ ነው። ማይኳ እፎይ ልትል ስትል ከድምፅዋ ሥር ሌላ ድምፅ መጣ። ሩቅ ነው፤ ከመስኮት የገባ። ሹክሹክታ ነበር። ስሟን ይጠራል። ሦስት ጊዜ።

ነገረ ፈጁ ተነሣ። ዓይኑ በርቷል፤ እንዲህ ያለ ነገር በየቀኑ አይገኝም።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ማስረጃው የአመልካች ነው፤ እኛ አላመጣነውም። ጥሪው በክፍሉ ውስጥ በግልጽ ተሰምቷል። በዚያ ደረጃ ወርዶ ለመቅረብ አንድ ደቂቃ አይፈጅም። ሰምተው ከቀሩ በቂ ምክንያት የለም። ሰምተው እንደሆነ በመሐላ ይጠየቁልኝ።»

ሰብሳቢው ሁለቱን ዳኞች ግራና ቀኝ አነጋገሩና ፈቀዱ። ሹክሹክታ ሊያስምላት መጣ። የመሐላውን ቃል ለራሱ ብቻ ነው ያለው።

«ከፍ አድርገህ» አለችው ቀስ ብላ። ከፍ አደረገ።

«አመልካች፣ ስምዎ ሲጠራ ሰምተዋል?» አላት ነገረ ፈጁ።

አልሰማሁም ማለት ትችል ነበር። ድምፁ ሩቅ ነው፤ በር ላይ የቆመ ሰው ኮሪደሩን እንጂ መስኮቱን አያዳምጥም ቢባል ያስኬዳል። ነገረ ፈጁም ቢሆን ሌላ ማስረጃ የለውም። አንድ ቃል ነበር የሚበቃው፤ ባሏ ቤት ሆኖ የሚጠብቀው አራት ወር ብቻ የቀረው የጡረታ አበል በዚያች ቃል ላይ ነበር። ማይኳ ግን ቀኝ እጁን አንሥቶ የማለ ስንት ሺህ ሰው በፊቷ አልፏል፤ ከመካከላቸው የሚዋሸውን ገና አፉን ሳይከፍት ታውቀው ነበር። ያንን ፊት ራሷ ላይ ልታደርገው አልቻለችም።

«ሰምቻለሁ» አለች።

ነገረ ፈጁ «ጨርሻለሁ» ብሎ ተቀመጠ። ሹክሹክታ አንገቱን ደፋ። ኃላፊው ከኋላ ሆኖ አንድ ነገር ጻፈ።

ሰብሳቢው መነጽራቸውን በእጃቸው ፈልገው ግንባራቸው ላይ አገኙት። «ከሰሙ ለምን አልወረዱም?»

«ምስክር ሊምል እጁን አንሥቶ ነበር፣ ክቡር ፍርድ ቤት። በሩን ጥዬ ብወርድ ውጭ የቆሙት ምስክሮች ያዳምጣሉ፤ የምስክርነቱ ቃል ይበላሻል። ሴትየዋ ከሩቅ ነው የመጣችው፤ እንደገና ነይ ማለት ሊሆን ነው። ደግሞ…»

«ደግሞ ምን?»

«ታች የምታደርጉኝ መስሎኝ ነበር።»

ነገሩን አስረዳች። የቀረን ሰው መዝገብ ሥር አስገብታ ችሎት ሲነሣ እንደገና እንደምትጠራ፣ ይህም ሕግ እንደሚመስላት። ከዳኞቹ አንዷ «የትኛው አንቀጽ ነው?» አለቻት፤ ለመቀለድ አልነበረም፣ እውነት ልታውቅ ፈልጋ ነው። ማይኳ አንቀጽ አልነበራትም። ፊቷ ቀላ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፅዋ ወረደ።

«ፈቃድ ጠይቀው ነበር?» አሉ ሰብሳቢው።

ቦርሳዋን ከፍታ የታጠፈውን ማመልከቻ አወጣች። መዝገቡ ይከፈትልኝ ካለችበት ማመልከቻ ጋር ያላያያዘችው ሰው ላሳጣ ብላ እንዳይመስልባት ነበር። ሰብሳቢው ግርጌውን ሁለት ጊዜ አነበቡትና ወረቀቱን ወደ ነገረ ፈጁ አሳዩት።

«ይህ ፊርማ የማነው?»

ነገረ ፈጁ ዞር ብሎ ኃላፊውን አየ። ኃላፊው «የእኔ ነው» አለ።

«መጥሪያውን የተቀበሉትስ?»

«እኔ ነኝ።»

«ስለዚህ ቀጠሮዋን እያወቁ ችሎት ሳይነሣ እንዳትወጣ አዘዟት፤ አሁን ደግሞ ለምን አልወጣችም ይላሉ።»

ኃላፊው ፈገግ ለማለት ሞከረ፤ የለመደው ፈገግታ ግን ያን ቀን አልመጣለትም። ዳኞቹ ተነጋገሩ። ብዙ አልቆዩም። አንዷ ዳኛ ሰምቶ መቅረት አሳማኝ አይደለም ብላ በልዩነት ወጣች፤ ሁለቱ ግን መዝገቡ ይከፈት አሉ። ሁለት ለአንድ። ማይኳ ያቺን ዳኛ አልተቀየመቻትም፤ በእሷ ቦታ ሆና ቢሆን ምን እንደምትል እርግጠኛ አልነበረችም።

የፍሬ ነገሩ ክርክር ከዚህ ያነሰ ጊዜ ነው የወሰደው። መሥሪያ ቤቱ ደብዳቤውን አልካደም። በጀት አልተያዘም ብቻ ነው ያለው። ሰብሳቢው «ሥራውንስ ማን ሠራው?» አሉ። «እሳቸው» አለ ነገረ ፈጁ። «ያለ በጀት?» ሲሉ ሹክሹክታ ሳይቀር ሳቀ። ፍርዱ ደመወዟ ይስተካከል፣ ለጡረታ መሥሪያ ቤትም ይገለጽ አለ። ልዩነቱ ግን የሦስት ዓመቱ ብቻ ነው የተፈቀደላት፤ ዝም ብላ የቆየችባቸውን የመጀመሪያዎቹን ሦስት ዓመታት ይርጋ፣ ማለትም የመጠየቂያው ጊዜ ማለፍ፣ በላቸው። ባሏ ይህን ሲሰማ «ዝም ማለት ይህን ያህል ይከፈልበታል ለካ» አለና ወደ መኪናው ተመለሰ። ለጡረታው የሚቆጠሩት ግን የመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት ናቸውና አበሉ ዳነ። ከመጀመሪያውም ያስጨነቃት እሱ ነበር። አንድ ሳምንት ሙሉ ድምፅዋ ከደስታ የተነሣ ከወትሮው ርቆ ይሰማ ነበር፤ ከአጥሩ ማዶ ያለው የፎቶ ኮፒ ቤት ባለቤት ራሱ ሰምቻለሁ ብሏል።

ፍርድ ማግኘትና ማስፈጸም ሁለት ነገር ነው። ኃላፊው እንደልማዱ «ሂሳብ ክፍል ላይ ነው» እያለ ሰነበተ። ሁለተኛ ጊዜ አመልክታ፣ ፍርድ ቤቱ ኃላፊው በአካል ቀርቦ ያስረዳ ብሎ መጥሪያ ካወጣ በኋላ ነው ክፍያው የተፈጸመው። ያኔ ለጡረታዋ የቀሯት ዘጠኝ ቀናት ነበሩ።

በመጨረሻው ቀን ንብረት አስረክባ፣ የችሎቱን ቁልፎች መልሳ፣ ለመሰናበቻ ወረቀቷ ኃላፊው ቢሮ ገባች። ኃላፊው እንደወትሮው ተነሣ፣ ወንበር ሳበላት። ጠረጴዛው ላይ የታተመ ቅጽ አለ፤ «ከመሥሪያ ቤቱ ጋር ያለኝን ጉዳይ ሁሉ ጨርሻለሁ፤ ምንም ቀሪ ጥያቄ የለኝም» የሚል። እስክሪብቶውን አቀበላት።

«በቃ ተገላገልን አይደል፣ እትዬ?» አላት። «መቼም ቅር የሚልዎት ነገር የለም።»

ቅጹን ቀስ ብላ አነበበችው። ከዚያ እስክሪብቶውን ሳትፈርም ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«አንድ ይቀረኛል።»

ኃላፊው ደነገጠ። ፋይሉን መገላበጥ ጀመረ። «ልዩነቱ ገብቷል፤ ጡረታው ተገልጿል፤ ደብዳቤው ግልባጭ ተደርጓል። ምን ቀረ?»

«ይቅርታ።»

ሳቅ አለ። እሷ እንዳልሳቀች ሲያይ ሳቁን አቆመ።

«እሱ እኮ… ፍርዱ ላይ የለም።»

«አውቃለሁ» አለች ማይኳ። «ሦስት ነገር ስጠይቅ እሱን ረሳሁት። ፍርድ ቤት ደግሞ ያልተጠየቀውን አይፈርድም። አሁን ግን ከሦስቱም አስቀድሜ እሱን እጠይቅ ነበር።»

ኃላፊው አፉን ከፈተ። የጠረጴዛው ስልክ ጠራ። ስልኩን አየ፤ እሷን አየ፤ አነሣው። «አቤት፣ አዎ፣ ሰው ይዤ ነው፣ ግን ችግር የለም» አለና ወንበሩን ወደ መስኮቱ አዞረ።

ማይኳ ጥቂት ጠበቀች። ወሬው የመስክ ጉዞ ነበር፤ የመኪና ነዳጅ ነበር፤ ያልቅም አይመስልም። ጀርባውን እያየች ፈረመችና ወጣች።